የመስከረም አራቱ ፊርማ

ኡካ፣ ጥቅምት 16 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለውድ እህቴ ለእትዬ ሚስኪ
መቱ

አሰላሙ ዓለይኩም። አላህ ጤናሽን ያብዛልሽ፣ የጉልበትሽንም ሕመም ያንሳልሽ። እኔ አልሐምዱሊላህ ደህና ነኝ፤ ይሄ ደህና ከተባለ።

የአጎቴ ልጅ መሆንሽ ጠፍቶኝ አይደለም እህቴ የምልሽ። ሁሩሙ አንድ አልጋ ላይ አድገን፣ መቱ አንድ መዝገብ ቤት ውስጥ አሥራ አንድ ዓመት ጎን ለጎን ተቀምጠን፣ ሌላ ምን ልበልሽ?

እዚህ ያለሁበትን ልንገርሽና ሳቂ። «ልምድ ያለው የመዝገብ ቤት ኃላፊ በአስቸኳይ ያስፈልጋል» ብለው ያዛወሩኝ ሴትዮ፣ ወንበር የለኝም። ሳጥን ላይ ተቀምጬ ፋይል እቆጥራለሁ። የእኔ ደረጃ ስምንት፣ እዚህ ያለው መደብ ደረጃ ስድስት። ቅዳሜም ግቡ ይሉናል። ያከራየችኝ ገለኔ የምትባል ባልቴት ባትኖር በመጀመሪያው ሳምንት አብጄ ነበር። «ኢንተለ ኮ፣ ልጄ» እያለች ማር በሰፈፉ ታበላኛለች።

ዝም ብዬ ግን አልተቀመጥኩም። ከትናንት በስቲያ፣ ጥቅምት 14፣ ዝውውሩ ይሰረዝልኝ ብዬ ለአስተዳደር ፍርድ ቤቱ ይግባኝ አስገብቻለሁ። የጻፈልኝ አብደታ የሚባል ማመልከቻ ጸሐፊ ነው፤ ሕጉን ልክ እንደ ፋቲሃ በቃሉ ይዞታል። «ደብዳቤው እጅሽ ከገባ በሠላሳ ቀን ውስጥ ነው መከራከር የምትችይው፤ መቼ ደረሰሽ?» አለኝ። መስከረም 24 አልኩት። «እንግዲያ ገና ሃያ ቀንሽ ነው፤ ማስረጃ ብቻ አምጪ» አለ።

ማስረጃው አንቺ ጋ ነው። ከእናቴ ለቅሶ ስመለስ፣ ኢድ ባለፈ በሦስተኛው ቀን ደብዳቤውን ከመሳቢያሽ አውጥተሽ ሰጠሽኝ። እያለቀስኩ ስለነበር «ማስረከቢያ መዝገቡን ተይው፣ እኔ እፈርምልሻለሁ» አልሽኝ። እንደ ልማዳችን። የእኔን ፊርማ ከእኔ ይልቅ አሳምረሽ ትፈርሚያለሽ፣ እኔም ያንቺን። ስንት ጊዜ ሆስፒታል ስትሄጂ አንቺን ሆኜ ፈርሜልሻለሁ! የዚያን ገጽ ኮፒ በሾፌሩ በሀይደር ላኪልኝ። በስልክ እንዳላወራሽ፣ እዚህ ስልክ ያለው አንድ ሱቅ ነው፤ ከተማው ሙሉ ቆሞ ያዳምጣል።

ወንበሬ ላይ አንቺ እንደተቀመጥሽ ሰማሁ። እንኳን ደስ ያለሽ። ከሌላ ሰው ይልቅ አንቺ መሆንሽ ይሻለኛል፤ ቢያንስ እንደዚያ ማለት አለብኝ። ብቻ ከመስኮቱ አታርቂው፣ እግሩ አንካሳ ነው፣ እዚያ ብቻ ነው የሚረጋው። ልጄን ጣሂራን ፀጉሯን ማን ይሠራታል? ባሌ ሰይፈዲንስ ምሳ የት ይበላል? ስጠይቀው «አለ፣ አለ» ብቻ ይላል። ምን ማለት ነው አለ?

እህትሽ ነኢማ


መቱ፣ ኅዳር 3 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለእህቴ ለነኢማ
ኡካ

ወዓለይኩም ሰላም ወረህመቱላሂ ወበረካቱህ። በአላህ ስም እንደምን ከርመሻል? የእናትሽን ቀብር ኑር ያድርግላት። እኛ በአላህ ፈቃድ ሁላችንም ደህና ነን። ጉልበቴም ተመስገን ነው፣ ደረጃ ስወጣ ብቻ ነው።

መልስ በማዘግየቴ ይቅር በይኝ። ሀይደር ሁለት ገበያ ሳይመጣ ቀረ፣ ከዚያ ደግሞ መብራት ጠፋ። የኮፒውን ማሽን ቀለሙ አልቋል ይላሉ። ከውጭ ላስነሳ ብል መዝገብ ከቢሮ አይወጣም፤ ይህን ሕግ ደግሞ ያስተማርሽኝ አንቺው ነሽ። አይዞሽ፣ ይደርሳል።

ወንበሩ ያው ወንበር ነው። ወገቤን ሲያመኝ ትራስ አደረግኩበት። ሥራው በዝቷል፣ አንቺ እንዴት ብቻሽን እንደምትችይው አሁን ገባኝ።

ጣሂራ የላይኛው የፊት ጥርሷ ወለቀ። ፀጉሯን እኔ እሠራታለሁ፣ ሐሙስ ሐሙስ። ትጮሃለች፣ ግን ስጨርስ መስተዋት ፊት ቆማ አትነሳም። ሰይፈዲን ከሱቁ አይወጣም፤ ጫማ መጣልኝ ብሎ ሰሞኑን ሥራ በዝቶበታል። ትንሽ ከስቷል። ከጁምዓ በኋላ ምሳ እኛ ቤት ይበላል፤ ባዶ ቤት ገብቶ ምን ይብላ ብዬ ነው። ሽሮዬን ወዶልኛል።

ገለኔን ሰላም በይልኝ። አላህ ፍርዱን ያሳምርልሽ።

እህትሽ ሚስኪ


ኡካ፣ ኅዳር 8 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለእትዬ ሚስኪ

ሰላም ለአንቺ ይሁን። ጤናሽን አልጠይቅም፣ ሽሮ ለመሥራት የበቃ ጉልበት ደህና ነው።

ከስቷል? እንዴ! አንቺ በምን አወቅሽ? እኔ ዘጠኝ ዓመት አብሬው ስተኛ መክሳቱን የማውቀው ቀበቶው ላይ አዲስ ቀዳዳ ሲበሳ ነው። አንቺ በሁለት ጁምዓ አየሽው? ሽሮዬንም አንድ ቀን «ወደድኩት» ብሎኝ አያውቅም፣ «ጨው አነሰ» ነው የሚለው። ነው ወይስ ሽሮ ባንቺ እጅ ሲሠራ ጨው አያንሰውም?

ቀናሁ። ይኸው ተናገርኩ፣ ቀንቻለሁ! ሌሊት ሳይሆን በጠራራ ፀሐይ፣ ሳጥን ላይ ተቀምጬ ፋይል ስቆጥር ድንገት ያንቺ ሐሙስ ይመጣብኛል፤ ልጄን በጉልበትሽ መሃል አስቀምጠሽ ፀጉሯን ስትከፍይ። ቁጥሩ ይጠፋብኛል፣ ከአንድ እጀምራለሁ። ሐሙስ የእኔ ቀን ነበረ እኮ። ወንበሩ የእኔ ነበረ። ባሌም የእኔ ነው፤ ግን እትዬ ሚስኪ፣ የሱ ሽማግሌ ወደ ቤታችን ሲመጣ ማንን ፈልጎ እንደመጣ የማይረሳ ሰው እንዳለ አውቃለሁ። ስለሱ አሥር ዓመት ሙሉ አንድ ቀን አውርተን አናውቅም። አሁንም አናውራ።

ገጹን ላኪልኝ። የማሽን ቀለም አትበይኝ። በእጅሽ ገልብጠሽ፣ ማህተም አስመትተሽ ብትልኪ ይበቃል ብሏል አብደታ። አንዲት መስመር ናት፦ ስሜ፣ የደብዳቤው ቁጥር፣ ቀኑ፣ ፊርማው። ለአንዲት መስመር ስንት ቀን ይፈጃል?

ነኢማ


መቱ፣ ኅዳር 25 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለነኢማ

በአላህ ስም ሰላምታዬ ይድረስሽ። አላህ ቁጣሽን ያብርድልሽ።

ደብዳቤሽን አንብቤ ለሦስት ቀን ምግብ አልበላሁም። እኔ ባልሽን የቀማሁ ነኝ? ለልጅሽ ማበጠሪያ ማንሳት ወንጀል ከሆነ እተዋለሁ። ወንበሩንም አልለመንኩም፣ ተቀመጪ አሉኝ፣ ተቀመጥኩ። አሥራ አንድ ዓመት ካንቺ ቀጥሎ ስቀመጥ አንድ ቀን አኩርፌሻለሁ?

ሰይፈዲን ባለፈው ጁምዓ አልመጣም። ምን ብለሽ እንደጻፍሽለት አላውቅም።

ለአረፋ ፈቃድ እንዳገኘሽ ነገረኝ። እኔ በዓሉን ሁሩሙ እናቴ ጋ ነኝ፣ አንገናኝም። ሽሮ የላክሁበትን ድስቴን እናንተ ኩሽና ትቻለሁ፤ አትንኪው አልልም።

ሚስኪ


ኡካ፣ ታኅሣሥ 5 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለወይዘሮ ሚስኪ
የመዝገብ ቤት ኃላፊ፣ መቱ

ሰላም ለእርስዎ ይሁን። በዓልዎን በሰላም እንዳሳለፉ እገምታለሁ።

ለአረፋ መጥቼ ነበር። እርስዎ አልነበሩም፣ ቢሮው ተቆልፏል፣ ቁልፉም ከእርስዎ ጋር ሁሩሙ ሄዷል። በመስኮት አየሁት። ወንበሬን ከግድግዳው አስጠግተውታል፣ ቀይ ትራስ አለው። ድስትዎንም አየሁት፣ ከድስቶቼ ሁሉ ፊት ነው የተቀመጠው። ጣሂራ ፀጉሯን ስሠራት «እትዬ ሚስኪ እንደዚህ አያማትም» አለችኝ። ማበጠሪያውን አጥብቄ ሳብኩት፤ ልጄን አመማት። ከዚያ ሁለታችንም አለቀስን።

ወደዚህ ስመለስ የመሥሪያ ቤቱ መልስ ለፍርድ ቤቱ ገብቶ አብደታ አነበበልኝ። እንዲህ ይላል፦ «አመልካቿ የዝውውር ደብዳቤውን መስከረም 4 ቀን 2001 ዓ.ም. በፊርማዋ ተረክባለች። ይግባኝ ያቀረበችው በአርባኛው ቀን ስለሆነ ጊዜው አልፏል፤ ፋይሉ ይዘጋልን።» የመዝገቡንም ገጽ አያይዘዋል። ለእነሱ ማሽኑ ቀለም ነበረው።

ገጹን አየሁት። ፊርማው የእኔ ነው። ቅርጹ፣ ጭራው፣ ሁሉ የእኔ ነው። አብደታ አየኝና «ሴትዮ፣ ዋሸሽኝ እንዴ?» አለ። መስከረም 4 እኔ ሁሩሙ ነበርኩ። ረመዳን ነበር፣ እናቴ ከሞተች ሳምንቷ ነበር። በማግስቱ ለቅሶ ቤቱ መጥተው ሶደቃውን አብረውኝ ያከፋፈሉት እርስዎ ነዎት!

ይህን ፊርማ በዓለም ላይ የሚችለው ሰው ሁለት ነው። እኔ አልነበርኩም።

እስቲ ይንገሩኝ።

ነኢማ


መቱ፣ ታኅሣሥ 21 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለነኢማ

አሰላሙ ዓለይኩም። እርስዎ አትበይኝ፣ በአላህ ይሁንብሽ። ስደቢኝ እንጂ አታክብሪኝ።

አራት ጊዜ ጽፌ ቀደድኩት። አሁን ሳልመለስ ልጻፈው።

መስከረም 4 ደብዳቤው ከመሥሪያ ቤቱ ኃላፊ ቢሮ ወረደ። «ዛሬውኑ ትፈርም» አሉ። ለቅሶ ላይ ናት አልኩ። «እናንተ እኮ አንዳችሁ ለአንዳችሁ ትፈራረሙ የለ እንዴ፣ ፈርሚላትና አድርሺላት» አሉኝ። ፈረምኩ። ወላሂ ያን ቀን ተንኮል አልነበረብኝም። እናቷን የቀበረች ሴት እጅ ላይ ይህን አላስቀምጥም፣ ሦስት ቀን ትረፍ ብዬ መሳቢያ ውስጥ አስገባሁት። በማግስቱ ሶደቃው ላይ ሳቅፍሽ ደብዳቤው መሳቢያዬ ውስጥ ነበር።

በአራተኛው ቀን ኃላፊው ጠሩኝና «ነኢማ ስትሄድ ቦታው ያንቺ ነው» አሉ። ከዚያ በኋላ ያቆየሁት ለሀዘንሽ አይደለም። መዝገብ ቤት ያደግኩ ሴት ነኝ፣ ቀን እንደሚቆጠር አውቃለሁ። በየቀኑ ጠዋት መሳቢያውን እከፍታለሁ፣ አየዋለሁ፣ እዘጋዋለሁ። እየጾምኩ ነው ይህን የማደርገው። ዛሬ ባልደርስላት ነገ፣ እላለሁ። ኢድ አለፈ። የሰጠሁሽ ቀን ሃያ ቀን በልቼብሽ ነበር።

ቅናት አልሽ፤ አንቺ ሁለት ወር ቀናሽ። እኔ ሽማግሌዎቹ ከመጡ ጀምሮ ነው። ለታላቂቱ ነው የመጡት፣ ሁሉም ያውቃል። ሰይፈዲን ደጅ ላይ ውሃ ስታቀርቢ አየሽና ነገሩ ተቀየረ። እኔ ያን ቀን ጓዳ ሆኜ ላንቺ ሰርግ የሚሆን ብርጭቆ መቁጠር ጀመርኩ። እኔን ያገባኝ ሰው በሁለት ዓመቱ ፈታኝ፤ ልጅም አልሰጠኝ። አንቺ ባል አለሽ፣ ጣሂራ አለችሽ፣ ሁሉ ነገር መጀመሪያ ወዳንቺ ይመጣል። ወንበሩ እንኳ፣ አንድ እግሩ የተሰበረ ወንበር እንኳ፣ አሥራ አንድ ዓመት ካንቺ ጎን ሆኜ አየሁት። ያን ወንበር ፈለግኩት ነኢማ። ሰይፈዲንን አይደለም። እሱን ድሮ ፈልጌ ድሮ ቀብሬዋለሁ። ሽሮውን ግን ወድዶልኛል፤ ይህን አልክድም፣ ደስ ብሎኛል።

አሁን ምን ላድርግ? ፊርማው የእኔ ነው ብል በሐሰት ፈርመሻል ብለው ያባርሩኛል። ካላልኩ አንቺ ሳጥን ላይ ትቀሪያለሽ። ትራሱን አንስቻለሁ፣ ምንም ባይሆን።

ሚስኪ


ኡካ፣ ታኅሣሥ 26 ቀን 2001 ዓ.ም.

ሚስኪ፣

ችሎቱ ጥር 13 መቱ ላይ ይቀመጣል። አብደታ በምስክርነት ስምሽን አስገብቷል። ብትመጪም ባትመጪም አልለምንሽም።

ላንቺ ስፈርም የኖርኩት እኔም እንደሆንኩ ለዳኞቹ እናገራለሁ። ብቻሽን አትሰቀይም።

የሰርጌን ብርጭቆ እንደቆጠርሽ አላውቅም ነበር።

ነኢማ


ሁሩሙ፣ የካቲት 12 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለነኢማ
መቱ

ሰላም ላንቺና ለቤትሽ። እንኳን አላህ ወደ ቤትሽ መለሰሽ። ዳኛው «ዝውውሩ ተሰርዟል» ሲሉ ያወጣሽው እልልታ ጆሮዬ ላይ አለ። አስቆሙሽ እንጂ አላቆምሽም።

እኔ የዓመት ፈቃዴን ወስጄ እናቴ ጋ ነኝ። ቡና ከገለባው እየለየሁ እውላለሁ። ምስክርነቴን ስጨርስ ኃላፊው በሩ ላይ «እናያለን» ብለውኝ አልፈዋል። ያዩትን ገና አልሰማሁም። የመጣ ነገር ካለ ንገሪኝ፣ መዝገቡ አሁን ባንቺ እጅ ነው።

ፊት ለፊት ልጠይቅሽ ያፈርኩትን ልጻፈው፦ ይቅር ብለሽኛል?

ሚስኪ


መቱ፣ የካቲት 20 ቀን 2001 ዓ.ም.

ለእትዬ ሚስኪ
ሁሩሙ

አሰላሙ ዓለይኩም። አላህ ጤናሽን ያብዛልሽ፣ ለእናትሽም ዕድሜ ይስጥልኝ። ጣሂራ ሁለተኛው ጥርሷም ወለቀ፤ «ለእትዬ ሚስኪ ንገሪያት» ብላ ስለነዘነዘችኝ ነው የነገርኩሽ።

መጣ። ዛሬ ጠዋት ከኃላፊው ቢሮ ወረደ። ቁጥር አለው፣ ማህተም አለው፣ «ለሥራው አስፈላጊነት ሲባል» ይላል። ከእኔው ደብዳቤ ገልብጠውታል፣ ስሙን ብቻ ነው የቀየሩት። ወደ ኡካ ነው። ሳጥኑ እየጠበቀሽ ነው።

ኃላፊው ራሳቸው ናቸው ያመጡት። ቆሙና «ፈቃድ ላይ ናት አይደል? እንደ ልማዳችሁ ፈርሚላት» አሉኝ። ፈገግ አሉ። ከዚያ ሄዱ።

እትዬ ሚስኪ፣ አልዋሽሽም። መዝገቡን ገለጥኩ። ስምሽን፣ የደብዳቤውን ቁጥር ጻፍኩ። ብዕሩን ፊርማው ቦታ ላይ አሳረፍኩት። ያንቺን ፊርማ ዓይኔን ጨፍኜ እፈርመዋለሁ፣ ታውቂያለሽ። ሃያ ቀን መሳቢያዬ ውስጥ ባስቀምጠው፣ ኡካ ትሄጃለሽ፣ ጁምዓ ጁምዓ ሽሮ የለም፣ ሐሙስ የእኔ ይሆናል፣ ሰይፈዲንም «ያቺ ሴትዮ እንዴት ናት?» ብሎ አይጠይቀኝም። ይጠይቀኛል እኮ! ትናንት ምሳ ላይ ጠየቀኝ። እኔ የሠራሁትን ሽሮ እየበላ!

አንዲት ጭረት ጫርኩ። መስመሩ ላይ አለች፣ ስትመጪ ታያታለሽ፣ የእኔ ናት። እንዳልክዳት አልሰረዝኳትም። ከዚያ ብዕሩን አስቀምጬ እጄን አየሁት። አንቺ መሳቢያውን ስትከፍቺና ስትዘጊ ምን እንደተሰማሽ ያወቅኩት ያኔ ነው። አሥር ደቂቃ እንኳ አልቆየሁበትም፣ እኔን አመመኝ። አንቺ ሃያ ቀን እንዴት ቻልሽው?

ይቅር ብለሽኛል ወይ ላልሽው፣ አላውቅም። አንዳንድ ቀን አዎ፣ ሐሙስ አይደለም።

የቀኑን ቦታ ባዶ ትቼዋለሁ። ፊርማውንም። ለኃላፊው «መዝገብ ቤት ከዛሬ ጀምሮ ማንም ለማንም አይፈርምም» ብያቸዋለሁ፤ ፊታቸው ጠቆረ፣ ይጥቆር። ፈቃድሽን ጨርሰሽ ነይ፣ በገዛ እጅሽ ፈርሚ፣ የዚያን ዕለት ቀን ጻፊበት። ሠላሳ ቀኑ የሚጀምረው ያኔ ነው። አብደታ ማመልከቻሽን ጀምሯል፤ ምስክር ማን ናት ሲለኝ እኔ ነኝ አልኩት። ገለኔን ላንቺ መስጠት ስለማልፈልግም ጭምር ነው። ያን ማር ስትበይ በዓይነ ሕሊናዬ አየሁሽና ደግሞ ቀናሁ።

ወንበሩን ወደ መስኮቱ መልሼዋለሁ። ካጠገቡ ያንቺን የድሮ ወንበር አኑሬ ቀይ ትራሱን አድርጌበታለሁ፣ ወገብሽን ያምሻል።

ድስትሽን ግን እቤቴ አላስቀምጥም። ስትመጪ ይዘሽ ሂጂ።

ነኢማ
(ፊርማው የገዛ እጄ ነው)